የማሪያ ዴ ሜዴይሮስን ታሪክ በአማርኛ ለመጻፍ፦ ስሙ፣ ቀኑና ፊልሙ እንዳይዛባ

ስለ ፖርቱጋላዊቷ ተዋናይትና ዳይሬክተር ማሪያ ዴ ሜዴይሮስ በአማርኛ የሚጽፍ ሰው ብዙውን ጊዜ የእንግሊዝኛውን ጽሑፍ ከፊቱ ዘርግቶ ይጀምራል። ስህተቱም የሚጀምረው ከዚያው ነው። ስሟ በእንግሊዝኛ አነባበብ ይገባል፣ ቀኑ 8 ዓመት ብቻ ተቀንሶለት ይታለፋል፣ ከአርባ ዓመት በላይ የሠራችው ሁሉ በአንድ የአሜሪካ ፊልም፣ በፐልፕ ፊክሽን፣ ውስጥ ይጠቀለላል። ይህች ሴት ከዚያ የተሻለ ጽሑፍ ይገባታል። ከ600 እስከ 800 ቃል ለሚሆን ጽሑፍ የሚያስፈልገው የግማሽ ቀን ማጣራት ነው።

መጀመሪያ ስሟን ጨርሱ። ሙሉ ስሟ ማሪያ ዴ ሜዴይሮስ እስቴቪስ ቪክቶሪኖ ዴ አልሜይዳ ነው። የእኛ አንባቢ ከመጀመሪያው ስም ቀጥሎ የመጣውን የአባት ስም አድርጎ ያነባል። እዚህ ግን አባቷ የሙዚቃ ደራሲና ፒያኖ ተጫዋች የሆኑት አንቶኒዮ ቪክቶሪኖ ዴ አልሜይዳ ናቸው። በፖርቱጋል ልማድ የእናት ወገን ስም ይቀድማል፣ የአባት ወገን ስም መጨረሻ ላይ ይመጣል፤ ሰውየውም ለሥራ የሚጠራበትን ራሱ ይመርጣል። ስለዚህ አባቷን «አቶ ሜዴይሮስ» ማለት ፈጽሞ የሌለ ሰው መፍጠር ነው። በሁለተኛው አንቀጽ ላይ ስሟን ስታሳጥሩ «ማሪያ» በሉ እንጂ «ሜዴይሮስ» አትበሉ። የእኛ ልማድ እዚህ ላይ ከፈረንጁ ይሻላል፣ ምክንያቱም ታናሽ እህቷ ኢኔስ ዴ ሜዴይሮስም ተዋናይት ናት። ኢኔስ በ1994 እ.ኤ.አ. በኬፕ ቨርዴ በተቀረጸው የፔድሮ ኮስታ ፊልም ዋናውን ገጸ ባሕርይ ተጫውታለች፤ ኋላ ፖለቲካ ውስጥ ገብታ ከ2017 እ.ኤ.አ. ጀምሮ የአልማዳ ከተማ ከንቲባ ሆናለች። የአንዷን ፊልም ለሌላዋ መስጠት ደጋግሞ የሚታይ ስህተት ነው።

የፖርቱጋልኛን ድምፅ ለመጻፍ የእኛ ፊደል ከላቲኑ የተሻለ ዕድል አለው። በእነሱ ጽሕፈት ኤን እና ኤች ተከታትለው ሲመጡ ድምፁ በትክክል የእኛ «ኝ» ነው። ጄ ደግሞ «ዥ» ነው፤ «ጀ» አይደለም፣ እንደ ስፓኒሽም «ኸ» አይደለም። ለመጀመሪያ ጊዜ በትልቅ ፊልም ያሠራት ዳይሬክተር ስሙ ዡዋው ሴዛር ሞንቴይሮ ነው፤ «ጆአኦ» የሚለው ከእንግሊዝኛ ንባብ የመጣ ነው። በሊዝበን አነጋገር መጨረሻ ላይ የሚመጣ ኤስ ወደ «ሽ»፣ ያልጠበቀ ኦ ወደ «ኡ» ስለሚሄድ የማሪያ ስም በአገሯ ሰው አፍ «ምዴይሩሽ» ወደሚለው ይጠጋል። አንባቢ የለመደው ግን «ሜዴይሮስ» ነውና በጽሑፉ ሁሉ እሱን ተጠቀሙ፤ የአገሯን አነባበብ መጀመሪያው ዓረፍተ ነገር ላይ አንዴ ማስቀመጥ ይበቃል። ሁለቱን እያፈራረቁ መጻፍ ግን አንባቢን ሁለት ሴቶች ያሉ ያስመስልበታል።

ቀን ላይ ቸኩላችሁ አታስሉ። ከመስከረም 1 እስከ ዲሴምበር 31 ድረስ ከፈረንጁ ዓመት 7 ይቀነሳል፣ ከጃንዋሪ 1 እስከ ጳጉሜን መጨረሻ 8 ይቀነሳል። ማሪያ በሊዝበን የተወለደችው ኦገስት 19 ቀን 1965 እ.ኤ.አ. ነው፤ በእኛ ነሐሴ 13 ቀን 1957 ዓ.ም.፣ የቡሄ ዕለት። ስሌታችሁ ነሐሴ 13ን ካላመጣ የሆነ ቦታ ተሳስታችኋል ማለት ነው።

ከዚህ የሚከብደው የፊልም ዓመት ነው። ፐልፕ ፊክሽን በካን ፌስቲቫል የወርቅ ዘንባባ የተሸለመው በግንቦት 1986 ዓ.ም. ሲሆን በአሜሪካ ሲኒማ ቤቶች የወጣው በጥቅምት 1987 ዓ.ም. ነው። በፈረንጆቹ ሁለቱም 1994 ነው፣ በእኛ ግን ሁለት ዓመት ሆነ። ለዚህ መፍትሔው ቀላል ነው፦ ለሕይወት ታሪክ ክስተቶች ቀኑን ወደ ዓ.ም. መልሱ፣ ለፊልም ግን ከርዕሱ አጠገብ እ.ኤ.አ. ብቻ አስቀምጡ፤ ዓመቱም መጀመሪያ ለሕዝብ የታየበት ይሁን፣ የተቀረጸበት አይሁን። ሁለቱን የቀላቀለ ዝርዝር በቅደም ተከተል ሊደረደር አይችልም።

የሕይወቷን ክፍል ስትጽፉ ልጅነቷን በኦስትሪያ፣ በቪየና እንዳሳለፈች አትዝለሉት። ሙዚቀኛ አባት ያለባት ቤትና በባዕድ ቋንቋ ያለፈ ልጅነት፣ ኋላ በፈረንሳይኛም በእንግሊዝኛም በጣልያንኛም መተወኗን ለአንባቢ ያስረዳሉ። ወደ አገሯ የተመለሰችው ከፖርቱጋል አብዮት በኋላ ነው። አብዮቱ የተነሳው ሚያዝያ 17 ቀን 1966 ዓ.ም. ሲሆን እዚህ ላይ ለእኛ አንባቢ የተለየ ጥንቃቄ ያሻል። 1966ን ያየ ኢትዮጵያዊ ሐሳቡ ወዲያው ወደ የካቲቱ አብዮት ይሄዳልና «የፖርቱጋል» የሚለው ቃል በዚያው ዓረፍተ ነገር ውስጥ መግባት አለበት። በወጣትነቷ ወደ ፓሪስ ሄዳ ቴአትር ተማረች።

ፊልሞቿን ሁሉ አትዘርዝሩ። በርካታ ናቸው፤ ያለ ማብራሪያ የተደረደረ ርዕስም ማንም አያነበውም። አምስት መርጣችሁ ለእያንዳንዱ ሁለት ዓረፍተ ነገር ስጡ፦ ማንን ሆና እንደተጫወተችና ያ ሰው በታሪኩ ውስጥ ምን እንደሚያደርግ። በሞንቴይሮ «ሲልቬስትሬ» የወንድ ባላባት ልብስ ለብሳ ራሷን የምትሰውር ልጅ ናት። በ1990 እ.ኤ.አ. በፊሊፕ ካውፍማን «ሄንሪ ኤንድ ጁን» ደራሲዋን አናይስ ኒንን ሆነች፤ ይህ ፊልም በአሜሪካ ከ17 ዓመት በታች ላሉ የሚከለክለው አዲሱ ደረጃ የተሰጠው የመጀመሪያው ነው። በፐልፕ ፊክሽን የቦክሰኛው የቡች ፍቅረኛ ፋቢየን ናት። «ዋና ተዋናይት» ብላችሁ አትጻፉ፤ የምትታይባቸው ትዕይንቶች ጥቂት ናቸው፣ አብዛኛውም በአንድ የሞቴል ክፍል ውስጥ ያልቃል። ይልቅ የሠራችውን ነገር አሳዩ፦ ዕቃ ስትሸክፍ የቡችን የአባቱን የወርቅ ሰዓት ቤት ረስታ ትመጣለች፣ እሱም ሰዓቱን ሊያመጣ ወደ ሞት አፋፍ ይመለሳል። በዚያች ጠባብ ክፍል ውስጥ ለቁርስ የሚያምራትን እየቆጠረች የምታወራው ወሬ የፊልሙን ጭካኔ ለጊዜው ያስረሳል። «ትንሽ ሚና» ብሎ ከማለፍ ይህን መጻፍ ስንት እጥፍ ይሻላል።

ሽልማቱ ላይ ብዙዎች ይሰናከላሉ። በዚያው 1994 እ.ኤ.አ. ማሪያ በቬኒስ ፌስቲቫል የምርጥ ተዋናይት የቮልፒ ዋንጫ የወሰደችው በቴሬዛ ቪላቬርዴ፣ ርዕሱ ቃል በቃል «ሦስት ወንድማማቾች» በሆነው የፖርቱጋል ፊልም እንጂ በፐልፕ ፊክሽን አይደለም። የወርቅ ዘንባባው የፊልሙ ነው፣ የእሷ አይደለም። ወርቃማው አንበሳም ለፊልም የሚሰጥ የቬኒስ ሽልማት ስለሆነ ከቮልፒ ዋንጫ ጋር አታምታቱት። ርዕሱንም ተመልከቱ፦ በፖርቱጋልኛ ወንድና ሴት ሲቀላቀሉ ቃሉ በወንድ ጾታ ይጠራልና «ወንድማማቾች» ማለት ያሳስታል፤ ታሪኩ የአንዲት እህትና የሁለት ወንድሞቿ ስለሆነ «ሦስቱ እህትማማችና ወንድማማች» ከማለት «ሦስቱ የአንድ ቤት ልጆች» ማለት ለአማርኛ ጆሮ ይቀላል።

ዳይሬክተርነቷ ራሱን የቻለ አንቀጽ ይፈልጋል። በ2000 እ.ኤ.አ. የሠራችው ትልቅ ፊልም የፖርቱጋል አብዮት የተነሳበትን የዚያን የሚያዝያ 17 ሌሊትና ቀን ይተርካል። ርዕሱን «የአፕሪል ካፒቴኖች» ብላችሁ አትተርጉሙ። ካፒቴን ሲባል የእኛ አንባቢ የመርከብ ወይም የኳስ ቡድን ይመስለዋል፤ በጦር ማዕረግ ሻምበል ነው። ዕለቱም በሚያዝያ ስለዋለ «የሚያዝያ ሻምበሎች» ይሰምራል። ይህ ግን ለሁሉም አፕሪል አይሠራም፤ ከአፕሪል 1 እስከ 8 ያለው በእኛ ገና መጋቢት ነው። ፊልሙ ከሳንታሬም ተነስቶ ብረት ለበስ ተሽከርካሪዎቹን ወደ ሊዝበን የመራውን ሻምበል ሳልጌይሮ ማያን ይከተላል፤ እሱን የተጫወተው ጣልያናዊው ስቴፋኖ አኮርሲ ነው። ማሪያም ራሷ ትተውናለች። ሰዎች በጠመንጃ አፈሙዝ ላይ ቀይ የካርኔሽን አበባ የሰኩበትን ዕለት ስትጠቅሱ የአበባውን ስም ጻፉ፤ አብዮቱ በዚያ አበባ ስም ይጠራልና «አበባ» ብቻ ብሎ ማለፍ ፍሬ ነገሩን ያስቀራል። በ2007 እ.ኤ.አ. ያወጣችውን የብራዚል ዘፈኖች አልበምና በ2008 እ.ኤ.አ. ዩኔስኮ የሰላም አርቲስት ብሎ እሷን መሰየሙን በአንድ ዓረፍተ ነገር ማካተት ይበቃል።

በአንቱታ ጉዳይ አንድ መንገድ ያዙ። ለአርቲስት «ተወለደች፣ ተወነች» ማለት የተለመደ ነው፤ ለአባቷ «ናቸው» ካላችሁ እስከ መጨረሻው «ናቸው» በሉ። የመክፈቻው ዓረፍተ ነገር እንዲህ ሊሆን ይችላል፦ «ማሪያ ዴ ሜዴይሮስ (ነሐሴ 13 ቀን 1957 ዓ.ም. በሊዝበን የተወለደች) በ1994 እ.ኤ.አ. በቬኒስ የምርጥ ተዋናይት ሽልማት ያገኘች ፖርቱጋላዊት ተዋናይት፣ ዳይሬክተርና ዘፋኝ ናት።» ከማውጣታችሁ በፊት «ማርያ» እና «ደ ሜደይሮስ» የሚሉትን አጻጻፎች በጽሑፉ ውስጥ አንድ አንድ ጊዜ በቅንፍ አስገቡ፤ አንባቢ በስልኩ ሲፈልግ የሚጽፈው እነሱንም ነው።