ባዶው የእርጥበት ኤለመንት ከኤክስኤምኤሉ አልወጣ ሲለኝ

ደብረ ብርሃን ላይ ለአንድ የገብስ ነጋዴ በሲ ሻርፕ የጻፍኩት ፕሮግራም የየቀኑን ርክክብ በኤክስኤምኤል፣ ማለትም መረጃን ኤለመንት በሚባሉ ስም ያላቸው ክፍሎች በሚያስቀምጥ ፋይል ይልካል። ተቀባዩ ሲስተም ግን ፋይሉን እየመለሰ አስቸገረኝ። ከፍቼ ሳየው ስሩ (ሌሎቹን ሁሉ የሚይዘው ኤለመንት) ላይ ያልጠየቅኳቸው ኤክስኤስአይ እና ኤክስኤስዲ የሚባሉ ኔምስፔሶች (ስሞች የየትኛው ምድብ እንደሆኑ የሚለዩ መግለጫዎች) ተለጥፈዋል፤ እርጥበቱ ያልተለካ ጭነት ላይ ሁሉ ደግሞ «ኒል» (ዋጋ የለውም) የሚል ምልክት ያለው ባዶ ኤለመንት ተቀምጧል።

መጀመሪያ ጽሑፍ ፈልጎ በሚተካው ሪፕሌስ ልቆራርጠው ሞከርኩ። አንዱን ሳጠፋ ሌላው ይበላሻል፤ አትሞክሩት።

ኔምስፔሱ ቀላል ነበር። ኤክስኤምኤል ሲሪያላይዘር ኔምስፔስስ የሚባለውን ክላስ ፈጠርኩ፣ ባዶ ፕሪፊክስና ባዶ ኔምስፔስ ጨመርኩበት፣ ኤክስኤምኤሉን የሚጽፈው ሲሪያላይዘር ላለው ሲሪያላይዝ ለሚባል ሜተድ (ተግባር) አቀበልኩት፤ ስሩ ጸዳ። እርጥበቱ ግን ጭራሽ ብሶበት መጣ፤ እያንዳንዱ ባዶ ኤለመንት ኔምስፔሱን ራሱ ላይ ተሸክሞ ቁጭ! የእርጥበቱ ፕሮፐርቲ (በክላሱ ውስጥ ዋጋውን የሚይዘው መስክ) ላይ ባዶ ይጻፍ አይጻፍ የሚለውን ኢዝ ነለብል የተባለ ቅንብር ፎልስ ባደርገው ደግሞ ፕሮግራሙ ኤክሰፕሽን (የስህተት መልእክት) ወርውሮ ቆመ፤ ፕሮፐርቲው ነለብል ኢንት፣ ማለትም ባዶ ሊሆን የሚችል ሙሉ ቁጥር ስለሆነ አይፈቀድም።

መድኃኒቱ «ሹድ ሲሪያላይዝ» ከሚለው ቀጥሎ የፕሮፐርቲው ስም ሳይነጣጠል የሚገባበት፣ ቡሊያን (እውነት ወይም ሐሰት) የሚመልስ ሜተድ ነው። እሱንማ ከሁለት ቀን በፊት ጽፌው ነበር! ስህተት አይል፣ ሥራ አይሠራ። ለካ ፕራይቬት (ከክላሱ ውጭ የማይታይ) አድርጌዋለሁ፤ ሲሪያላይዘሩ የሚያየው ፐብሊኩን (ለውጭ ክፍት የሆነውን) ብቻ ነው፣ ሌላውን ድምፅ ሳያሰማ ያልፈዋል። አንዷን ቃል ቀይሬ፣ የእርጥበቱን ሃዝ ቫልዩ (ዋጋ አለው ወይስ የለውም የሚለውን) እንዲመልስ አድርጌ ሳስነሳው ባዶው ኤለመንት ጠፋ። የስሙ ፊደልም አንድ ሳይዛነፍ ከፕሮፐርቲው ጋር መግጠም አለበት፤ ትልቅና ትንሽ ፊደል ሳይቀር።