ብሮኮሊኒ ሳይልፈሰፈስ እንዲበስል

ብሮኮሊኒ ሲባል ሰምታችሁ ገና ያላደገ ብሮኮሊ እንዳይመስላችሁ። ብሮኮሊ ጋይ ላን ከሚባለው የቻይና ጎመን ጋር ተዳቅሎ የተገኘ ነው፤ ያወጣው ሳካታ የተባለ የጃፓን የዘር ኩባንያ ነው። አገዳው ቀጭንና ጣፈጥ ያለ ስለሆነ አደራ፣ እንዳትጥሉት! ጫፉን ብቻ ቆረጥ አድርጉና ወፈር ያለውን ለሁለት ሰንጥቁት፣ አለዚያ አበባው በስሎ አገዳው ጥሬ ይቀራል። ጨው ባለው የፈላ ውሃ ውስጥ 1 ደቂቃ ነከር አድርጋችሁ አውጡት። ከዚያ በደንብ አድርቁት፤ እኔ እዚህ ላይ ተጣድፌ ስንቴ ዘይት ተፈናጥቆብኛል። ዘይት በጋለበት መጥበሻ፣ ጠርዙ ቡናማ እስኪል ድረስ 3 ወይም 4 ደቂቃ ይበቃዋል። ነጭ ሽንኩርቱ መጨረሻ ላይ ይግባ፣ ቶሎ ያርራል። ሎሚ ደግሞ ሳህን ላይ ከወጣ በኋላ፤ ቀድሞ ከገባ አረንጓዴው ይደበዝዛል።