100,000 ብር ስንት ወር ነው? ከውጭ ሆኖ በብድር ቤት ለሚገዛ

በሳምንት ቢያንስ አንድ ሰው ይደውልልኛል። ጥያቄው ያው ነው። «አያት አካባቢ ቤት አግኝቻለሁ፤ ባንኩ 20 ዓመት ሰጥቶኛል፤ ልፈርም?» አንዱ አያት ይላል፣ ሌላው ለገጣፎ፣ ሌላው ገላን። ያንኑ ወሬ ስደጋግም ሰለቸኝ። ልጻፈውና ልገላገል።

እኔ የገዛሁት በ2011 ዓ.ም ነው። ለገጣፎ፣ ጂ ፕላስ ዋን፣ ግድግዳውና ጣራው ብቻ የቆመ። የምኖረው ቨርጂኒያ ነው፤ ሥራዬም የሌሊት ነው። አገር ቤት ጉዳዬን የሚጨርስልኝ የአክስቴ ልጅ ነበር። እሱን ቆይቼ አመጣዋለሁ። መጀመሪያ ቁጥሩን እንይ፤ ቁጥሩ ካልገባ የእሱ ጥፋትም አይገባም።

ብድሩ 3,000,000 ብር ነበር። ወለዱ በዓመት 14 በመቶ፣ ዘመኑ 20 ዓመት፣ ወርሃዊ ክፍያው 37,306 ብር። እኔ የሰማሁት የመጨረሻዋን ቁጥር ብቻ ነው። ያኔ ወደ 1,300 ዶላር ገደማ ነበረች። «እችላታለሁ» አልኩና ፈረምኩ።

37,306ን በ240 ወር አባዙት። 8,953,440 ብር ይመጣል። ሦስት ሚሊዮን ተበድሬ ወደ ዘጠኝ ሚሊዮን ልመልስ ነው የፈረምኩት። ባንኩ አላጭበረበረኝም። ሒሳቡ ራሱ እንዲህ ነው። በመጀመሪያው ወር በ3,000,000 ላይ የሚታሰበው ወለድ 35,000 ብር ነው። ስለዚህ ከከፈልኩት 37,306 ውስጥ ዋናውን ብድር የነካችው 2,306 ብር ብቻ ናት። በሚቀጥለው ወር ትንሽ ከፍ ትላለች፣ በሚቀጥለው ደግሞ ትንሽ። አምስት ዓመት ሙሉ አንድ ቀን ሳላዛንፍ ብከፍል ከኪሴ 2,238,360 ብር ይወጣል። ዋናው የሚቀንሰው ግን ወደ 199,000 ብር ነው። የቀረው ሁሉ ወለድ ነው።

ያንኑ ብድር በ10 ዓመት ብወስደው ወርሃዊው 46,580 ብር ይሆን ነበር። በወር 9,274 ብር ይጨምራል፤ ጠቅላላው ክፍያ ግን ወደ 5,590,000 ይወርዳል። ከሦስት ሚሊዮን ብር በላይ ልዩነት አለው። ይህን የነገረኝ ሰው አልነበረም። እኔም አልጠየቅኩም። የጠየቅኩት ስለ ወለል ሴራሚክ ነበር።

ስለዚህ ከመፈረማችሁ በፊት የአከፋፈል ሰንጠረዡን አስወጡ፤ በየወሩ ከምትከፍሉት ስንቱ ለወለድ፣ ስንቱ ለዋናው እንደሚሄድ የሚያሳየውን። 240 መስመር ነው፣ ያሰለቻል፣ አንብቡት። ውሉ ውስጥ ደግሞ ሦስት ነገር ፈልጉ። ወለዱን ባንኩ በፈለገው ጊዜ መቀየር ይችላል ወይ? ከጅምሩ 14ቱ 16 ቢሆን የእኔ ወርሃዊ 41,738 ይደርስ ነበር፤ ጠቅላላውም ከ10 ሚሊዮን ያልፋል። ሲዘገይ ቅጣቱ ስንት ነው? ከመደበኛው በላይ ገንዘብ ሳስገባ ዘመኑ ያጥርልኛል ወይስ ወርሃዊው ብቻ ይቀንስልኛል? ይቺ ሦስተኛዋ ጥያቄ ነች እኔን ያስለቀሰችኝ።

እንግዲህ ወደ ጋሽዬ።

የአክስቴ ልጅ ነው፤ በ12 ዓመት ይበልጠኛል። ትምህርት ቤት በጀርባው አዝሎ ያደረሰኝ ሰው ነው። ውክልና ስሰጠው ሁለት ጊዜ አላሰብኩም። ኤምባሲ ሄድኩ፣ ጠቅላላ ውክልና የሚለውን ቅጽ ወሰድኩ፣ መሸጥ፣ መለወጥ፣ ከባንክ ጋር መዋዋል፣ ገንዘብ ማውጣትና ማስገባት ሁሉንም አስጻፍኩ። ጓደኛዬ «ይህ ሁሉ ለምንሽ ነው?» ስትለኝ «ጋሽዬ እኮ ነው» አልኳት።

ወርሃዊውን የምልከው ወደ እሱ ሒሳብ ነበር። እሱ ደግሞ ባንክ ሄዶ ብድሩ ላይ ያስገባል። ለምን በቀጥታ ብድሩ ላይ አላስገባሁም? ምክንያት የለኝም። እንደዚያ ለመድን።

በመጀመሪያው ዓመት የግብር ተመላሽና ትርፍ ሰዓት አጠራቅሜ 100,000 ብር የሚሆን ላክሁ። «ጋሽዬ፣ ይቺን ብድሩ ላይ አስገባት፤ ወርሃዊው ላይ ሳይሆን ዋናው ላይ» አልኩት። «እሺ የኔ እናት» አለኝ። ከሁለት ሳምንት በኋላ ስደውል «ሁሉም ነገር አልቋል፣ አትጨነቂ» አለኝ። ከወር በኋላ ፎቶ መጣልኝ። ግቢው ታጥሯል፤ ጥቁር የብረት በር፣ ጫፍ ጫፉ በወርቅማ ቀለም የተቀባ። ደስ ብሎኝ ለሁሉም አሳየሁ። ገንዘቡ ከየት መጣ ብዬ አልጠየቅኩም። ከራሱ አውጥቶ መስሎኝ እንዴት ያለ ሰው ነው ብዬ አለቀስኩ።

አራት ዓመት አለፈ። ለአክስቴ ህመም ገባሁና አንድ ቀን ባንክ ጎራ አልኩ። ስቴትመንት ላውጣ ብዬ ብቻ ነው። በአራት ዓመት ውስጥ ከመቶ ሺዋ ሌላ ወደ 1,800,000 ብር ልኬያለሁ፤ ቢያንስ ሚሊዮን ወርዷል ብዬ ነው የጠበቅኩት። ልጅቷ ስክሪኑን ወደ እኔ አዞረችው። ከ2,900,000 በላይ ቀሪ። «ተሳስተሻል» አልኳት። አልተሳሳተችም። ወረቀቱን አትማ በእስክሪብቶ ጫፍ አንድ ቃል እየነካች ወረደች። «ቅጣት። ቅጣት። ቅጣት።» 31 ጊዜ። በአራት ዓመት ውስጥ 48 ክፍያ ነው ያለው፤ በቀኑ የገባው 17ቱ ብቻ ነው። ሁለቱ ደግሞ እስከዚያ ቀን ድረስ ጭራሽ አልገቡም።

ማታ ጋሽዬን ጠየቅኩት። ቡና ተፈልቷል፣ አክስቴ አልጋዋ ላይ ናት።

«ጋሽዬ፣ ብሩ ለምንድነው የሚዘገየው?»

«የት ይዘገያል? ሁሉም ገብቷል። እቁቡ ሲወጣ ደርቤ ነው የማስገባው።»

እቁብ። የእኔን ወርሃዊ ክፍያ የሰፈር እቁብ ይጥልበት ነበር። ዕጣው ሲደርሰው የሁለቱን የሦስቱን ወር አንድ ላይ ያስገባል። በእሱ ዓይን ከገንዘቡ አንድ ሳንቲም አልጠፋም። በባንኩ ዓይን ግን ወለዱ በየቀኑ ይቆጥራል።

«መቶ ሺዋስ?»

«የቷ መቶ ሺ?»

«ዋናው ላይ አስገባት ያልኩህ።»

«እሷማ አጥሩና በሩ ላይ ናታ!» አለኝ፤ በኩራት። «ባዶ ግቢ ጥለሽ ሰው ቢገባበትስ? እንኳን አደረግኩት።»

እዚህ ላይ ልቆይ፤ ዋናው ቁም ነገር እዚህ ነውና። ያቺ 100,000 ብር በብድሩ መጀመሪያ ላይ ዋናው ላይ ብትገባና ወርሃዊውን እዚያው 37,306 ላይ ብተወው፣ ብድሩ በ240 ወር ሳይሆን በ205 ወር ገደማ ያልቅ ነበር። 35 ወር። በገንዘብ ከ1,300,000 ብር በላይ። ለጋሽዬ መቶ ሺ ብር መቶ ሺ ብር ነው፤ በር ቢሆን ባንክ ቢገባ ያው ነው። ለእኔ ግን ወደ ሦስት ዓመት የሚጠጋ የሌሊት ሥራ ነበር። ያቺን በር ባየሁ ቁጥር ይሄ ነው የሚታየኝ። በሩ ደግሞ ቆንጆ ነው፤ የሚያናድደው እሱ ነው።

አልሰረቀኝም። ብዙ ሰው «ዘመድ በላኝ» ሲል ሌብነት ብቻ ይመስለዋል። ሌባ ቢሆን ይቀለኝ ነበር። አክስቴ በሦስተኛው ቀን አስጠርታኝ «በገንዘብ ልትጣሉ ነው? እኔ ሳልሞት?» አለችኝ። ሁለት ሽማግሌዎች መጡ። አንደኛው ስቴትመንቱን ገልብጦ ያዘና «ልጄ፣ ቤቱ ቆሟል አይደል?» አለኝ። ቆሟል። ምን ልበል? ታረቅን። በዓል ሲሆን እደውላለሁ። ብር ግን ከእኔ ወደ እሱ አይሄድም።

ከዚህ የተማርኩትን ልንገራችሁ፤ አንዳንዱ ደስ አይላችሁም።

ሰው ስትመርጡ «ይወደኛል ወይ?» ብላችሁ አትምረጡ። ጋሽዬ ይወደኛል። የሚፈለገው ቀን የሚያከብር ሰው ነው። የመብራቱን ሒሳብ በሰዓቱ የሚከፍል፣ ደረሰኝ የማይጥል፣ «እሺ» ከማለቱ በፊት «ለምን?» ብሎ የሚጠይቅ። የእኔ ቤተሰብ ውስጥ እንዲህ ያለችው ማንም የማይወዳት፣ ነገር የምታበዛው የአጎቴ ሚስት ናት። እሷን መውከል ነበረብኝ።

ቤቱን የሚያየውና ብሩን የሚነካው አንድ ሰው አይሁን። አንዱ ጥበቃውንና ተከራዩን ይይ፤ ብሩ ከእናንተ ቀጥታ ወደ ብድር ሒሳቡ ይግባ። እናት፣ አባት፣ እህት ቢሆኑም እንዲሁ ነው። እናታችሁ ይከፋቸዋል። ይክፋቸው። ጎረቤት ልጁን ለማሳከም ብድር ሲጠይቃቸው፣ በእጃቸው ያለውን የእናንተን ብር መከልከል ይከብዳቸዋል። ያንን ፈተና አታሸክሟቸው።

ለሚሠራላችሁ ሰው ክፈሉ። ጋሽዬ አራት ዓመት በነፃ ነው የተመላለሰው፤ የታክሲ እንኳ አልሰጠሁትም። በነፃ የሚሠራን ሰው በቀን አልፈሃል ብሎ መቆጣት ያሳፍራል። ለዚህም ነው ሳልጠይቅ አራት ዓመት የቆየሁት። ግማሹ ጥፋት የእኔ ነው፤ በሽማግሌዎቹ ፊት ግን አላልኩትም።

ስቴትመንት በየሦስት ወሩ ራሳችሁ እዩ። ፎቶ ስቴትመንት አይደለም። «አልቋል፣ አትጨነቂ» ስቴትመንት አይደለም።

ስለ ውክልና አጭር ነገር። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 2204 እና 2205 ላይ ተጽፏል። በጠቅላላ ቃል የተሰጠ ውክልና የአስተዳደር ሥራ ብቻ ያሠራል፤ ቤት ለመሸጥም ሆነ በመያዣ ለመስጠት ልዩ ሥልጣን ይፈልጋል። እኛ ግን ቅጹ ላይ ያለውን ሁሉ እናስጽፋለን፤ በኋላ እንዳንመላለስ ብለን። አታስጽፉ። ኪራይ ተቀብሎ ቤት ለሚጠብቅ ሰው መሸጥና ማስያዝ ምን ያደርግለታል? ከኤምባሲ የወጣው ሰነድ ውጭ ጉዳይ ሚኒስቴርን ከዚያም ሰነዶች ማረጋገጫን ያልፋል። ያንን መንገድ ታውቁታላችሁ፤ አላስተምራችሁም።

አድራሻችሁንም አደራ። በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት ባንክ መያዣ የያዘውን ቤት ፍርድ ቤት ሳይሄድ፣ ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ በሐራጅ መሸጥ ይችላል። ያ ደብዳቤ የሚደርሰው ውሉ ላይ ባለው አድራሻ ነው። የእኔ ውል ላይ ያለው አድራሻ ለገጣፎ ቤቱ ራሱ ነበር። ማለትም ደብዳቤው ቢመጣ ተቀባዩ ዘበኛው ነው። አስቀየርኩት።

ለገጣፎ፣ ሰበታ፣ ቡራዩ፣ ሱሉልታ የምትገዙ፦ እነዚህ በ2015 ዓ.ም የተቋቋመው ሸገር ከተማ ውስጥ ናቸው። ካርታው ከኦሮሚያ በኩል ነው የሚወጣው። አያት ግን አዲስ አበባ ነው። በሁለቱ መሀል የአንድ ታክሲ መንገድ ነው ያለው፤ ፋይሉ ግን በጭራሽ አይገናኝም። ደላላው «ያው አዲስ አበባ ነው» ቢላችሁ አትስሙት።

ፊኒሺንግ፣ የውሃ ሮቶ፣ የመብራት ቆጣሪ፣ የቤት ኢንሹራንስ፣ ዘበኛ፦ እነዚህ ሰንጠረዡ ላይ የሉም። «ኪራዩ ብድሩን ይከፍላል» የሚላችሁ ሰው ይህን አልቆጠረም። ቤቱ ባዶውን የሚቆምበትን ወርም አልቆጠረም።

ስለ ምንዛሪውም ትጠይቁኛላችሁ። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም ብር በገበያ እንዲወሰን ሲደረግ፣ 57 አካባቢ የነበረው ዶላር በጥቂት ሳምንት ከ100 አለፈ። ስፈርም 1,300 ዶላር የነበረችው 37,306 ብሬ፣ በ57 ምንዛሪ 650 ገደማ ደርሳ ነበር፤ ከዚያ ወደ 370 ወረደች ማለት ነው። ጓደኞቼ «ተገላገልሽ» አሉኝ። እውነት ነው፤ ዶላር ለሚያገኝና በብር ለተበደረ ሰው ትልቅ እፎይታ ነው። ግን አብዛኛው ሰው የሚልከውን ዶላር ይቀንስና 20 ዓመቱን እንዳለ ይተወዋል። እኔ የቀድሞዬን ግማሽ ያህል ዶላር መላክ ቀጠልኩ፤ የተረፈው ዋናው ላይ ይገባል። በየወሩ ሰንጠረዡ ላይ መስመር እሰርዛለሁ። ውላችሁ በዶላር ተተምኖ ከሆነ፣ ወይም ሪል ስቴቱ «የዋጋ ማስተካከያ» የሚል አንቀጽ ካስገባ ግን፣ ይህ ሁሉ ተገልብጦ እናንተ ላይ ይወድቃል። ያንን አንቀጽ ሳታነቡ አትፈርሙ።

የመጨረሻው ነገር፦ ውክልና ስትሽሩ፣ ሰነዶች ማረጋገጫ ጋ መሻሩ ብቻውን አይበቃም። ቅጂውን ለባንኩ ራሳችሁ ስጡ፤ ተቀብለናል የሚል ማህተም አስደርጉበት። እኔ ስሰጥ መስኮቱ ላይ ያለችው ልጅ ቅጽ አወጣችና «አዲሱ ወኪል ማን ይባላል?» አለችኝ።

«የለም» አልኳት።

«ባዶ መተው አይቻልም እኮ።»

እስክሪብቶውን ተቀብያት የራሴን ስም ጻፍኩበት።