ፖርትሬት የሚያበላሹ ስህተቶች፦ ከአሊስ ኒል ሸራዎች ፊት ቆመን ስናያቸው

ፖርትሬት ሠርታችሁ ሰው ሁሉ "ቁርጥ እሱን!" ብሎላችኋል። እናንተ ግን ስታዩት የሆነ ነገር ጎድሎታል። ዓይኑ ልክ ነው፣ አፍንጫውም ልክ ነው። ሰውየው ግን እዚያ የለም።

ችግሩ ብዙ ጊዜ የእጅ አይደለም ባይ ነኝ። እጃችን ገና እየሠራ ዓይናችን ከሰውየው ላይ ቀድሞ ይነሳል። ከዚያ በኋላ የምንስለው የምናየውን ሳይሆን ድሮ የምናውቀውን "ፊት" ነው።

ይህን ለማሳየት ከአሜሪካዊቷ አሊስ ኒል የተሻለ ሠዓሊ አላውቅም። በ1900 ተወልዳ በ1984 አረፈች (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው)። ወደ 60 ዓመት ለሚጠጋ ጊዜ ሰው ስትስል ኖረች። የተለየ ስቱዲዮ እንኳ አልነበራትም፤ ኒውዮርክ ውስጥ በኖረችባቸው አፓርታማዎች ነው የሠራችው። እስቲ እኛ ዘወትር የምንስተውን እሷ ከሠራችው ጋር እያስተያየን እንሂድ።

ሰውየውን እንደ ሐውልት ማስቀመጥ

"አገጭህን ቀና፣ ትከሻህን ዘና፣ እንዳትንቀሳቀስ!" ይህ የፎቶ ቤት ልማድ ነው። እንዲህ የተባለ ሰው ወዲያው ይደርቃል። እናንተም የደረቀውን ሰው ትስላላችሁ።

ኒል ወሬ ትጀምር ነበር። ጨዋታ አዋቂ ነበረች፤ ታሪክ ትነግራለች፣ ትጠይቃለች፣ ታስቃለች። ሰው ወሬ ሲይዘው ሳይታወቀው የራሱን አቀማመጥ ይይዛል። አንዱ እግሩን ያነባብራል፣ ሌላው ወንበሩ ጫፍ ላይ ለመሄድ እንደተዘጋጀ ይቀመጣል፣ ሌላዋ ክንዷን ትቆልፋለች። ኒል እንደምትለው ዓለም በሰውየው ላይ ያደረገው ነገርና እሱ የመለሰው መልስ በዚያ አቀማመጥ ውስጥ አለ።

በ1973 የኪነ ጥበብ ታሪክ ምሁሯን ሊንዳ ኖክሊንን ከትንሽ ልጇ ጋር ሣለቻት። እናትየዋ ልጇን በክንዷ ይዛታለች። ልጅቷ ደግሞ አሁኑኑ ከሶፋው ላይ ዘላ የምትወርድ ትመስላለች። "ዝም ብላችሁ ተቀመጡ" ቢባሉ ኖሮ ይህ መያያዝ አይገኝም ነበር።

ስለዚህ መጀመሪያ ላይ ብሩሽ አትንኩ። ቡና ይቅረብ፣ ወሬ ይምጣ። ሰውየው "እንዴት ልሁንልህ?" ብሎ ከጠየቃችሁ ገና አልተዝናናም ማለት ነው።

ማሳመር

ትልቁ በሽታ ይሄ ነው፤ ስለዚህ ትንሽ እንቆይበት።

ገጣሚው ፍራንክ ኦሃራ በኒውዮርክ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም ውስጥም የሚሠራ፣ በሠዓሊያን ዘንድ የታወቀ ሰው ነበር። በ1960 ኒል ዘንድ ሊሣል ተቀመጠ። የመጀመሪያው ሥዕል ውብ ነው። ፊቱ በጎን ይታያል፣ አፍንጫው እንደ ጭልፊት ምንቃር የተሳለ ነው፣ ከኋላው አበባ አለ። ገጣሚ ሲባል ሁላችን የምናስበው ዓይነት ሰው ነው። ማንም ቢሆን እዚህ ላይ ፈርሞ ይጨርስ ነበር።

እሷ ግን ሁለተኛ ሣለችው። በዚህኛው ፊት ለፊት ዞሯል። አፉ ተከፍቷል፣ ጥርሶቹ አላማሩም፣ ፊቱ ነጠብጣብ ነው፣ ዓይኖቹ ፈጠዋል። ሁለቱን ጎን ለጎን ስታስቀምጧቸው የመጀመሪያው ስለ ገጣሚነት የተሣለ፣ ሁለተኛው ስለ አንድ ሰው የተሣለ እንደሆነ ታያላችሁ። ሁለቱም ያው ሰው ነው፤ ዓመቱም ያው 1960 ነው።

እኛ የምናሳምረው በክፋት አይደለም። በይሉኝታ ነው። ጓደኛ ፊታችን ተቀምጦ የዓይኑን ሥር እብጠት መሣል ይከብዳል። ግንባሩ ላይ ያለችውን ጠባሳ "ትቅርበት" እንላለን። አንደኛው ዓይኑ ከሌላው ዝቅ ያለ ከሆነ ሳናስበው እናስተካክለዋለን። የስልክ ፊልተር የሚሠራውን በነፃ እንሠራለታለን። ሰውየውን ሰውየው ያደረገው ግን ብዙ ጊዜ ያ ያስተካከልነው ነገር ነው።

የዚህን ተቃራኒ ስህተትም ላንሳ። "እውነተኛ ልሁን" ብሎ መልክን ማበላሸት አለ። መጨማደድ ሁሉ ጉድጓድ፣ አፍንጫ ሁሉ ድንች ይሆናል። ይህ ካርቱን ነው። ኒል ራሷ አንዳንዴ ወደዚህ ትጠጋለች፤ ራስን ከገላ ጋር ሲነጻጸር ታተልቃለች፣ ዓይንን ትከፍታለች። ሁሉም ሥዕሎቿ ላይ ተሳክቶላታል አልልም። የሚያድናት ሰውየውን ለማሳቅ ብላ አለማጋነኗ ነው። ዓይኑ የተለቀው ሰውየው በዓይኑ የሚናገር ሰው ስለሆነ ነው።

ሸራውን ጥግ እስከ ጥግ መሙላት

በ1965 ጀምስ ሀንተር የሚባል ጥቁር ወጣት ኒል ፊት ተቀመጠ። ለቬትናም ጦርነት ተመልምሎ ሊሄድ ቀናት ቀርተውታል። እሷ እንደ ልማዷ ንድፉን በቀጥታ ሸራው ላይ በቀጭን ቀለም አወጣች። በዚያ ቀን ፊቱንና ጭንቅላቱን የደገፈበትን እጁን ቀባች። ለሁለተኛ ጊዜ ሊመጣ ተቃጠሩ። አልመጣም።

ልብሱ መስመር ብቻ ነው። እግሩ መስመር ብቻ ነው። የተቀረው ባዶ ሸራ ነው። ኒል ከኋላው ፈረመችና "አልቋል" አለች። ከዘጠኝ ዓመት በኋላ በትልቁ ኤግዚቢሽኗ ላይ ሰቀለችው።

እስቲ ሥዕሉን ቀረብ ብለን እንየው። የፊቱ ቡናማ ሙሉ ነው፤ ክብደት አለው። ዓይኑ ወደ እኛ አያይም፤ ሐሳብ ይዞታል። ከአንገቱ በታች ደግሞ ሰውየው እየሳሳ፣ እየጠፋ ይሄዳል። ሸሚዙንና ሱሪውን በሚገባ ቀብታ ብትጨርሰው ኖሮ ወንበር ላይ የተቀመጠ አንድ ልጅ እናይ ነበር። አሁን የምናየው ሊወሰድ ያለ ልጅ ነው። ስሙ በቬትናም ዘማቾች መታሰቢያ ግንብ ላይ ከሰፈሩት የሟቾች ስሞች መካከል የለም።

የአንዲ ዋርሆል ፖርትሬትም ከዚህ ጋር ይሄዳል። ዋርሆል በ1968 በጥይት ተመትቶ ከሞት የተረፈ ነው። በ1970 ኒል ፊት ሸሚዙን አውልቆ፣ ዓይኑን ጨፍኖ ተቀመጠ። የቀዶ ጥገናው ጠባሳ ደረቱንና ሆዱን ያቋርጣል፤ ሆዱን የሚደግፍበት ቀበቶም ይታያል። የተቀመጠበት ሶፋ ግን በቂ ቀለም እንኳ አላገኘም፤ ጥቂት መስመር ነው። ዓይናችን ሌላ መሄጃ የለውም፤ ጠባሳው ላይ ይቆያል።

አንድ የሙያ ነገር ላክል። ኒል የመጀመሪያውን መስመር የምታወጣው በእርሳስ ወይም በከሰል አልነበረም። የዘይት ቀለም አቅጥና በብሩሽ ነበር፤ በተለይ በኋለኞቹ ዓመታት ቀለሙ ሰማያዊ ነበር። ያን መስመር ደግሞ አትደብቀውም። ብዙዎቻችን ጥቁር መስመር እናወጣና ቆዳውን እንደ አጥር እናጥረዋለን፤ ፊቱ ከዳራው ተቆርጦ የተለጠፈ ይመስላል። ሰማያዊ ግን ከጥላም ከደም ሥርም ጋር ይስማማል፤ ከሥጋው ቀለም ሥር ብቅ ሲል አይጣላም። ሞክሩት። ትንሽ ሰማያዊ በአኳራጅ አቅጥኑና በመካከለኛ ብሩሽ በቀጥታ ጀምሩ። ላጲስ ስለሌለ መጀመሪያ መፍራታችሁ አይቀርም። መስኮት መክፈት ግን አትርሱ፤ አኳራጅ ራስ ያዞራል።

እጅን መርሳት

ፊቱ ላይ ሁሉ ነገር ይፈስሳል፤ እጅ ጋ ሲደረስ ጉልበት አልቋል። ስለዚህ እጁን ኪስ ውስጥ እንከተዋለን ወይም ሥዕሉን ደረት ላይ እንቆርጠዋለን። ሁላችንም ይቺን ዘዴ እናውቃታለን።

በ1940 ኒል የልጇን አባት ወንድም በሳንባ ነቀርሳ ታሞ ሣለችው። ገና 24 ዓመቱ ነው። በዚያ ዘመን መድኃኒቱ አልተገኘም፤ ሐኪሞች ሳንባውን ለማሳረፍ የጎድን አጥንት ያወጡ ነበር። ደረቱ ላይ ነጭ ፋሻ አለ። አንድ እጁ እዚያው ቁስሉ አጠገብ አርፏል። ፊቱን ሸፍናችሁ እጁን ብቻ ብታዩ እንኳ የት እንደሚያመው ታውቃላችሁ።

ፎቶን ማመን

እዚህ ላይ ግትር አልሆንም። እኛ ጋ ከሚታዘዘው ፖርትሬት ብዙው ከፎቶ ነው፤ ሟች አባት፣ ውጭ አገር ያለች እህት፣ ለሠርግ ስጦታ የሚሰጡ ሙሽሮች። ደንበኛው በቴሌግራም የላከውን ብዥታ ይዞ መሥራት የእንጀራ ጉዳይ ነው።

ኒልም ከፎቶ ሠርታለች። በ1970 ታይም መጽሔት የሴቶች መብት ተሟጋቿን ኬት ሚሌትን ለሽፋን እንድትስልለት ጠየቃት። ሚሌት አንድ ሴት ብቻዋን የንቅናቄው ምልክት መሆን የለባትም ብላ አልቀመጥም አለች። ስለዚህ ኒል ፎቶ ተጠቀመች። ምስሉ ጠንካራ ነው፤ ዓይኗ ይወጋል። ለእኔ ግን እንደ ፖስተር ነው። ሴትዮዋ ክፍል ውስጥ ከእኛ ጋር አልተቀመጠችም።

ከፎቶ ለመሥራት ከተገደዳችሁ አንድ ፎቶ ብቻ አትቀበሉ። ስትናገር የተቀረጸ ቪዲዮ ካለ ጠይቁ። የሚያውቃትን ሰው አጠገባችሁ አስቀምጡና ስለ እሷ ያውራላችሁ። የፓስፖርት ፎቶ አስፍቶ መሣል የፓስፖርት ፎቶ አስፍቶ መሣል ነው፤ ዋጋችሁን ተቀበሉበት፣ ፖርትሬት የመማሪያ መንገድ ግን አታድርጉት።

"የሚሣል ሰው" መጠበቅ

"ፊቱ ገጸ ባሕርይ ያለው ሽማግሌ ባገኝ" እያልን ዓመቱ ያልፋል። ኒል በ1938 ከፖርቶ ሪኮ የመጡ ሰዎች ወደሚበዙበት ስፓኒሽ ሃርለም ሄደች። እዚያ ከሃያ ዓመት በላይ ስትኖር ጎረቤቶቿን፣ የጎረቤቶቿን ልጆች፣ በር ያንኳኳውን ሁሉ ሣለች። በ1955 ከኮሚኒስቶች ጋር ባላት ግንኙነት የተነሳ ሁለት የኤፍቢአይ ሰዎች ቤቷ ድረስ መጡ። እነሱንም ተቀመጡልኝና ልሣላችሁ አለቻቸው ይባላል። እምቢ አሉ። ያመለጣት ሥዕል ቢኖር ይሄ ነው።

ዘመኑን ማሳደድ

ኒል በጉልምስናዋ ጊዜ ኒውዮርክ ውስጥ ሰው መሣል ያረጀ ነገር ተብሎ ነበር፤ ዘመኑ የረቂቅ (አብስትራክት) ሥዕል ነበር። እሷ አልተወችም። የዊትኒ ሙዚየም ኤግዚቢሽን ያዘጋጀላት በ1974፣ በ74 ዓመቷ ነው። ስለዚህ ነገር ከዚህ በላይ ባወራ ስብከት ይሆንብኛል።

በሌላው ጨክኖ ለራስ ማዘን

ይሄኛው ስውር ነው። የሰው ጠባሳ ስንስል ደፋር ነን፤ የራሳችን ተራ ሲደርስ መብራቱን ዝቅ እናደርጋለን። ኒል በ1975 የራሷን ምስል ጀመረችና አስቸግሯት ተወችው። በ1980 ተመልሳ ጨረሰችው። 80 ዓመቷ ነው። ራቁቷን ነች፤ መነጽሯን አድርጋለች፣ በአንድ እጇ ብሩሽ፣ በሌላው መጥረጊያ ጨርቅ ይዛለች። የተቀመጠችበት ባለ ሰማያዊ ዝንጉርጉር ወንበር ሌሎች ሰዎችን ስታስቀምጥበት የኖረችው ነው። ጉንጮቿ ቀልተዋል። ለምን ሲሏት ሥራው በጣም ስለከበደኝ ነው ብላለች።

እናንተም በዓመት አንድ ጊዜ ራሳችሁን ከመስታወት ሣሉ። ለማንም ማሳየት የለባችሁም።

"ወደድከው?" ብሎ መጠየቅ

ሥዕሉ ሳይደርቅ ወደ ሰውየው አዙረን አስተያየት እንጠብቃለን። ሰው ደግሞ መስታወት ውስጥ የለመደውን ፊት ካላገኘ ቅር ይለዋል። "አፍንጫዬን ትንሽ…" ይላል። እኛም እንነካካለን፣ ሥዕሉም በዚያው ይሞታል።

ኒል አብዛኛውን የሣለችው ማንም ሳያዝዛት ነው፤ ስለዚህ ማንንም የማስደሰት ግዴታ አልነበረባትም። ሥዕሎቿም ሳይሸጡ ለዓመታት ቤቷ ውስጥ ተደርድረው ኖሩ። ነፃነቱ ግን በነፃ አልመጣም፤ ከመንግሥት በሚሰጥ ድጎማ የኖረችባቸው ዓመታት አሉ። ሁላችንም እንደ እሷ እንኑር ማለት ቀልድ ነው። ለራሳችሁ የምትሠሩትንና ለትዕዛዝ የምትሠሩትን ግን ለዩ። ለራሳችሁ ስትሠሩ ሥዕሉን ቢያንስ ሳምንት ለማንም ሳታሳዩ አቆዩት። ትዕዛዝ ከሆነ ደግሞ ንድፉን መጀመሪያ ላይ አሳዩ፣ ስንት ጊዜ እንደምታስተካክሉ ተነጋገሩ፣ ቀብዱን ተቀበሉ።