የድሮ አርኬድ ጌም ከነመብራቱ፣ ከነንዝረቱ፦ እቤት እንዴት እንደሚሰራ

የድሮ አርኬድ ጌም (በሳንቲም የሚሰራ የመጫወቻ ቤት ማሽን ጌም) ኮምፒውተር ላይ የሚጫወት ሰው መጀመሪያ የሚጨነቀው ለስክሪኑ ነው። እኔ መብራቱ ይቀድማል ባይ ነኝ። እ.ኤ.አ. በ1986 የወጣውን የሴጋ ኩባንያ የመኪና መንዳት ጌም፣ አውት ረንን፣ ውሰዱ። ማሽኑ የስታርት መብራት፣ የፍሬን መብራትና መሪውን የሚያንቀጠቅጥ ሞተር ነበረው። ሜይም የሚባለው ኢሙሌተር (የድሮ ማሽንን ኮምፒውተር ላይ የሚያስመስል ሶፍትዌር) የጌሙን የኤሌክትሮኒክስ ሰሌዳ እንዳለ ስለሚያስመስል፣ ወደነዚህ የሚላከው ምልክት ዛሬም ይወጣል። ተቀባይ አጥቶ ነው ሜዳ ላይ የሚቀረው።

ዊንዶውስ ያለው ኮምፒውተር፣ ሜይም፣ የሜይምን ምልክት ተቀብሎ ወደ ውጭ የሚልክ ሜይምሁከር የሚባል ሶፍትዌር፣ አርዱዊኖ ኡኖ (በኮድ የሚታዘዝ ትንሽ የኤሌክትሮኒክስ ሰሌዳ)፣ አንድ ኤልኢዲ (ትንሽ መብራት) እና ባለ 220 ኦም ሬዚስተር ያስፈልጋችኋል። ጅማ ሱቅ ውስጥ አርዱዊኖ ካጣችሁ፣ ኤሌክትሮኒክስ የሚማር የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ጠይቁ፤ ከፕሮጀክት የተረፈ አይጠፋውም።

መጀመሪያ የሜይምን ሴቲንግ ፋይል በኖትፓድ ክፈቱ። «አውትፑት» ከሚለው ፊት ያለውን «አውቶ» አጥፉና በእንግሊዝኛ ፊደል «ዊንዶውስ» ብላችሁ ጻፉ። ሴቭ።

ቀጥሎ ሜይምሁከርን ክፈቱ፣ ጌሙን ከዚያ በኋላ። 5 ቁጥርን ስትነኩ ሳንቲም ገባ ማለት ነው። አሁን ሜይምሁከር ላይ የስታርት መብራት፣ የፍሬን መብራት፣ የንዝረት ሞተር የሚሉ ስሞች ይመጣሉ። ፍሬን ስትይዙ የፍሬኑ ቁጥር ከዜሮ ወደ 1 ይዘላል፤ ስትለቁ ይመለሳል። እዚህ ከደረሳችሁ ከባዱ አልፏል።

የኤልኢዲውን ረጅም እግር በሬዚስተሩ በኩል የአርዱዊኖው ፒን 9 (9 ቁጥር መሰኪያ) ላይ፣ አጭሩን ግራውንድ ላይ ሰኩ። አርዱዊኖው ላይ የምትጭኑት ኮድ አጭር ነው፦ በዩኤስቢ አንድ ፊደል ሲመጣ አብራ፣ ሌላ ፊደል ሲመጣ አጥፋ።

ሜይምሁከር ለጌሙ በፈጠረው ፋይል ውስጥ ሁለት ነገር ጻፉ። አንደኛ፣ ጌሙ ሲጀምር አርዱዊኖው የተሰካበትን ፖርት እንዲከፍት የሚያዝ መስመር። ሁለተኛ፣ ከፍሬን መብራቱ ስም ፊት ለዜሮ የማጥፊያውን፣ ለ1 የማብሪያውን ፊደል። አርዱዊኖው ፖርቱ ሲከፈት እንደ አዲስ ስለሚነሳ፣ መጀመሪያ ላይ ለአፍታ ዝም ቢል አትደንግጡ።

ሞተር ላይ ግን ጥንቃቄ! ቀጥታ ፒን ላይ አትሰኩት። ከፒኑ ከ20 ሚሊአምፔር በላይ አለመሳብ ይመረጣል፤ ሞተር ደግሞ ከዚያ በላይ ይፈልጋል። በመሃል ትራንዚስተር፣ ሞተሩ ላይ ደግሞ መከላከያ ዳዮድ አድርጉ። ሞተሩን ከተበላሸ የፕሌይስቴሽን ጆይስቲክ ነቅሎ መውሰድ ይቻላል።

ሁሉንም የሚይዘውን የማሽኑን ሳጥን ለአናጢ ስጡት፤ ጅማ ሆኖ እንጨት ሠሪ የሚቸገር የለም። ከጀርባው አየር ማስገቢያ እንዲተውላችሁ ንገሩት፤ ኮምፒውተሩ ይግላል። መብራት ሄድ መጣ የሚልበት ሰፈር ከሆናችሁም ፓወሩን በስታቢላይዘር አሳልፉት።

ፎርስ ፊድባክ ያለው (በውስጡ ባለ ሞተር ራሱ የሚንቀጠቀጥ) የጌም መሪ ካላችሁ አርዱዊኖም ላያስፈልግ ይችላል። ኤፍኤፍቢ አርኬድ ፕለጊን የሚባለውን ተጨማሪ ሶፍትዌር ኢሙሌተሩ ፎልደር ውስጥ አስገቡና ንዝረቱን ከትንሹ ጀምራችሁ ጨምሩ።