ፎርሙላው ልክ፣ መልሱ ስህተት፦ በአርቲሜቲክ ፕሮግሬሽን የቃላት ጥያቄዎች ላይ የሚያስቱ ነገሮች

የ12ኛ ክፍል ተማሪዎችን ሳስጠና ፎርሙላውን የማያውቅ ብዙም አላጋጠመኝም። አርቲሜቲክ ፕሮግሬሽን በእኩል መጠን እየጨመረ ወይም እየቀነሰ የሚሄድ የቁጥር ረድፍ እንደሆነም ሁሉም ይነግሯችኋል። ጥያቄው በዓረፍተ ነገር ሲመጣ ግን ነገር ይበላሻል። ልጆቹ የሚወድቁት ንባቡ ላይ ነው።

ዋነኛው ስህተት ተርሙንና (በረድፉ ውስጥ ያለውን ቁጥር) እርምጃውን (ከአንዱ ቁጥር ወደ ቀጣዩ ያለውን ዝላይ) ማምታታት ነው። አንድ ሠራተኛ በ8,000 ብር ደሞዝ ተቀጠረ እንበል። በየዓመቱ 600 ብር ይጨመርለታል። በ10ኛው ዓመት ደሞዙ ስንት ነው? ብዙው ልጅ 600ን በ10 ያባዛና 8,000 ላይ ደምሮ 14,000 ይላል። ግን በመጀመሪያው ዓመት ምንም አልተጨመረለትም። ጭማሪው የጀመረው በ2ኛው ዓመት ነው። እስከ 10ኛው ድረስ 9 ጊዜ ተጨመረለት ማለት ነው፦ 8,000 + 9 × 600 = 13,400። ጥያቄው «10 ዓመት ከሠራ በኋላ» ቢል ኖሮ 14,000 ልክ ይሆን ነበር፤ 11ኛው ዓመት ውስጥ ገብቷላ። ፈተናው በእንግሊዝኛ ስለሆነ «ኢን» (በ...ኛው ውስጥ) እና «አፍተር» (ከ... በኋላ) የሚሉትን ቃላት ሳያዩ ማለፍ 600 ብር ያስከፍላል። ፈተና አውጪዎችም ይህን ያውቃሉ። 14,000 ምርጫው ውስጥ ቁጭ ብሎ ይጠብቃችኋል።

ይኸው ስህተት ብዛት ስንቆጥርም ይመጣል። ጳጉሜን 6 ቀን የምትሆነው በየ4 ዓመቱ፣ በዘመነ ሉቃስ ነው። 1963 ዓ.ም. ዘመነ ሉቃስ ነበር፣ 2015ም እንደዚሁ። ሁለቱን ጨምሮ ጳጉሜን ስንት ጊዜ 6 ቀን ሆነች? ልዩነቱ 52 ነው፣ ለ4 ሲካፈል 13። አብዛኛው ሰው እዚህ ያቆማል። 13 ግን የዝላዮቹ ቁጥር ነው፤ ዓመቶቹ 14 ናቸው። አጥር አጥሮ የሚያውቅ ሰው ይህን ያለ ፎርሙላ ይነግራችኋል፤ ለ13 ክፍተት 14 ቋሚ ይተክላል።

ይህን የተማረ ልጅ ደግሞ ወዲያው በተቃራኒው ይሳሳታል። «ሁልጊዜ አንድ ይቀነሳል፣ 10 ካለ 9 ነው» ብሎ ይሸመድዳል። 5,000 ሊትር የሞላ ሮቶ አለ፤ ቤተሰቡ በቀን 180 ሊትር ይጠቀማል። በ10ኛው ቀን ማታ ስንት ቀረ? በሸመደደው ከሄደ 3,380 ያገኛል። ነገር ግን በ1ኛው ቀን ማታ የቀረው 4,820 ነው፣ 5,000 አይደለም። ውሃው የተቀዳው 10 ቀን ነው፣ ስለዚህ የቀረው 3,200 ሊትር ነው። እኔ ልጆቹን ፎርሙላ ከመንካታቸው በፊት የመጀመሪያዎቹን ሦስት ቁጥሮች አስጽፋቸዋለሁ፦ 4,820፣ 4,640፣ 4,460። ሦስት መስመር ነው፣ ግን ይሰለቻሉ።

«ስንት» እና «በድምሩ ስንት» አንድ አይደሉም። አንዲት ልጅ በመጀመሪያው ሳምንት 50 ብር አስቀመጠች፣ ከዚያ በየሳምንቱ 20 ብር እየጨመረች ሄደች። በ12ኛው ሳምንት ያስቀመጠችው 270 ብር ነው። በ12ቱ ሳምንት ያጠራቀመችው ደግሞ 1,920። የመጀመሪያውና የመጨረሻው ሲደመሩ 320 ይሆናሉ፤ 12 ለ2 ሲካፈል እንዲህ ያለ ጥንድ 6 አለ። ለ2 ማካፈሉን የረሳ 3,840 ይላል። ይህን ለመያዝ ሒሳብ እንኳ አያስፈልግም። በየሳምንቱ 270 ብታስቀምጥ ራሱ 3,240 ነው የሚሆነው፤ ከዚያ ሊበልጥ አይችልም።

«በየዓመቱ 10 በመቶ» የሚል ካያችሁ ደግሞ ፎርሙላውን ወደ ጎን ተዉት። 8,000 በ10 በመቶ ሲያድግ 8,800፣ ከዚያ 9,680 ይሆናል። አንዴ 800፣ አንዴ 880 ጨመረ። የጋራ ልዩነት የለውም።

እኔ የምወደው ስህተት የመጨረሻው ነው። አንድ ባለሱቅ የቲማቲም ድልህ ጣሳዎች ደረደረ። ከታች 15 ጣሳ፣ ወደ ላይ በየረድፉ አንድ እየቀነሰ። ጣሳዎቹ በድምሩ 105 ናቸው። ስንት ረድፍ ሆነ? የረድፉን ብዛት የምናገኝበት ኳድራቲክ እኩልታ (ያልታወቀው ቁጥር በራሱ የሚባዛበት) ሁለት መልስ ይሰጣል፦ 10 እና 21። ተማሪው ሁለቱንም ይጽፋል፣ ወይም ዓይኑን ጨፍኖ አንዱን ይመርጣል። 21 ከየት መጣ? ቁጥሩን ዝም ብላችሁ ቀጥሉት። 11ኛው ረድፍ 5 ጣሳ ይሆናል፣ ከዚያ 4፣ 3፣ 2፣ 1፣ 0። እኩልታው ስለ ጣሳ የሚያውቀው ነገር የለም፤ ወደ −1፣ −2 እያለ እስከ −5 ይወርዳል። 21ኛው ረድፍ ላይ ሲደርስ ከ5 ጀምሮ የተጨመረው ሁሉ ተጣፍቶ ድምሩ ተመልሶ 105 ይሆናል። ባለሱቁ ግን 105ኛውን ጣሳ ያስቀመጠው 10ኛው ረድፍ ላይ ነው፤ እዚያም 6 ጣሳ አለ።