የጠቢቡ ቀለም ለምን ይረግፋል? የብራና ቀለም ችግርና መፍትሄ

ደብረ ብርሃን ውስጥ ለድራማና ለምናብ ታሪክ የብራና ጥቅልል የሚሠሩ ልጆች በርክተዋል። የፈጠሩት የቀለም ጠቢብ በቀይ ይፈታል፣ በጥቁር ያስራል፣ በቢጫ ዝናብ ያቆማል፤ ይሁንለት። ጥቅልሉ ግን የእውነት ቆዳ፣ ቀለሙም የእውነት ጥላሸት ነውና በድግምት አይያዝም። መቃ መቅረጽ፣ ብራና መፋቅና በወስፌ ማስመር ታውቃላችሁ ብዬ ልጀምር።

ጥቁሩ ደርቆ ይረግፋል

ወደ እኔ የሚመጣው ብልሽት ባብዛኛው ይኸው ነው፤ ሁሉም የሚያማርረው ቀለሙን ነው። መጀመሪያ አረጋገፉን እዩ። ጣት ሲያልፍበት እየደቀቀ የሚያጠቁር ከሆነ ሙጫ አንሶታል፤ የግራር ሙጫ ለብ ባለ ውሃ አሟሙታችሁ፣ በነጠላ አጥልላችሁ ጨምሩበት። ጥቅልሉ ሲዘረጋ ፊደሉ መሃል ለመሃል ከተሰነጠቀ ሙጫው በዝቷል፤ ጥላሸትና ውሃ ጨምሩ። ፊደሉ ግን ቅርጹን እንደያዘ ጠርዙ ተቆልምሞ፣ እንደ ዓሣ ቅርፊት ሙሉውን ከተነሳ፣ ያውም አንዱ ጋ ደህና ሆኖ ሌላው ጋ ብቻ ከሆነ፣ ቀለሙን አትንኩት። ጥፋቱ የቆዳው ስብ ነው።

ደጋው የበግ አገር ነው። ከመንዝ እስከ ደብረ ብርሃን የበግ ቆዳ እንደ ልብ ነው፤ የፍየሉ ግን ከቆላ፣ ከጀማ ሸለቆ ወገን መምጣት አለበት። ስለዚህ ሻጩ ዓይኑን ሳያሽ «የፍየል ነው» ብሎ የበግ ያስይዛችኋል። የበግ ቆዳ ውስጡ ስብ ይቋጥራል፤ ላዩ ተፍቆ ነጭ ቢመስልም ውሎ አድሮ ይወጣል። ጥላሸት ደግሞ ቆዳ ውስጥ አይሰርግም፣ ላዩ ላይ ተኝቶ ይቀራል። የሚይዘው ሙጫው ነው፤ ሙጫ ስብ ላይ አይቆምም።

አንድ የድራማ ቡድን በቀድሞው የክታብ ወግ ከተዋናዩ ቁመት ጋር የሚስተካከል ጥቅልል ሠራ። ጠቢቡ ነጭ ጋቢ ደርቦ መድረክ ላይ ሲዘረጋው የመሃሉ መስመሮች ጋቢው ላይ ረገፉ። ተመልካቹ የአስማቱ አካል መስሎት አጨበጨበ። ልጆቹ በማግስቱ «ጋሼ፣ የሸጡልን ቀለም አዋረደን» ብለው መጡ። ጥቅልሉን ወደ መስኮቱ ዘንበል አድርጌ አሳየኋቸው፤ ፊደል በረገፈበት ሁሉ ቆዳው ወዝቶ ያብረቀርቃል፣ ፊደል በቆመበት ደብዛዛ ነው። ከዚያ ወዲያ አልተከራከሩም።

መፍትሄው ከመጻፍ በፊት ነው። ዳሩ ላይ አንድ ጠብታ ውሃ ጣሉ። ክብ ሆኖ ከቆመ ስብ አለ። የጠመኔ ዱቄት ነስንሱ፣ በንጹሕ ጨርቅ እሹት፣ አሳድራችሁ አራግፉ። ጠብታው እስኪተኛ ድረስ ድገሙት። ጠመኔው ተጠርጎ ካልወጣ የመቃውን አፍ ይደፍናል። አስቀድሞ የተጻፈ ከሆነ የላላውን ፍቃችሁ በዚያው መንገድ አክማችሁ ደግማችሁ ጻፉ።

እሳት ዳር አታድርቁት፣ ይኮማተራል። በኦሞ አትጠቡት። ቤንዚን የሚቀባም አይቻለሁ፤ ያውም ኩራዝ አጠገብ! እባካችሁ።

ጥላሸቱ ውሃ ላይ ይንሳፈፋል

የኩራዝ ጥላሸት ውሃን ይሸሻል። ጥቂት ዳግም አረቄ ጠብ አድርጋችሁ ፍጩት፤ ረጥቦ ሲለሰልስ ሙጫና ውሃ ጨምሩ። የባትሪ ድንጋይ ወቅጦ «ጥቁር ቀለም» የሚለኝ ሰው ግን ወደ ቤቴ አይምጣ። እሱ የገጠር ትምህርት ቤት ጥቁር ሰሌዳ ማደሻ ነበር፤ ሻካራ ነው፣ ዱቄቱም ለሳንባ ጠንቅ ነው።

ሙጫ ብላችሁ እጣን እንዳትገዙ። ቅንጣቱን ውሃ ውስጥ አሳድሩ፤ የግራር ሙጫ ሟሙቶ ያልቃል፣ እጣን ውሃውን አደፍርሶ ዝቃጭ ይተዋል።

ቀዩ ጥቁሩ ውስጥ ይገባል

ጥቁሩ ሳይደርቅ ቸኩላችኋል። የድሮ ጸሐፊዎች በቀይ ለሚጻፉት የቅዱሳን ስሞችና መክፈቻ መስመሮች ቦታ እየተዉ ጥቁሩን ይጨርሱና ቀዩን ኋላ ይሞሉት ነበር። ከደረቀ በኋላም እርጥበት ሲነካው የሚሮጥ ከሆነ የጨርቅ ማቅለሚያ ነው የሸጡላችሁ፤ ጣሉት።

ቀለሙ ይሰራጫል

ብራናው ከልክ በላይ ተፍቆ ሻክሯል። በለስላሳ ድንጋይ እሹት።

ቀለሙ ይሻግታል

ክረምት ላይ በጥብጦ ማኖር ምን ይሉታል? ጠፍጥፋችሁ አድርቁና በምትጽፉበት ቀን የሚበቃችሁን ብቻ በውሃ ፍቱ።

ጥቅልሉ ገርሮ አልዘረጋ ይላል

ደብረ ብርሃን ከ2,700 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ነች፤ የኅዳር ደረቅ ብርድ ብራናን ያገርረዋል። ሰው ያለበት ሙቅ ክፍል ውስጥ አቆዩትና ከዳር ጀምራችሁ ቀስ እያላችሁ ዘርጉት። በጉልበት ጎትቶ ፊደሉን ያሰነጠቀ ሰው ቀለሙ አነሰ ብሎ እንዳይጠራኝ።